ባንዲራ ተከትሎ መብላት

ጃፓን አገር ለመራብም ቀጠሮ ይያዛል አሉ። ይህን የነገረን ቡና ላኪ ድርጅት ለሥራ ልኮት ቶኪዮ ደርሶ የመጣ የሻኪሶ ልጅ ነው። ሥራው ቶሎ አለቀና ግማሽ ቀን ተረፈው፤ በተረፈው ጊዜ "የምግብ ጉብኝት" ገዛ። "ገዛሁ" ያለው ራሱ ነው፤ እኛ አልጨመርንበትም። አስጎብኚዋ ትንሽ ባንዲራ ከፍ አድርጋ ከፊት ትመራለች፣ እሱና ጥቂት ፈረንጆች ከኋላ ይከተላሉ። ገበያ ገብተው ይቀምሳሉ፣ ወጥተው ኑድል ይበላሉ፣ ጎንበስ ብለው ይመሰጋገናሉ፣ ይበተናሉ። ለዚህ ዓይነቱ ነገር በነፍስ ወከፍ ከአሥር ሺህ የን በላይ መጠየቅ እዚያ ብርቅ አይደለም።

"ለምኑ ነው የከፈልከው?" አለው ባጃጅ ነጂው።

"ለምግቡና ለማብራሪያው።"

"ማብራሪያው ምን ይላል?"

"ምን እንደምትበላ ይነግርሃል።"

"እኔን እናቴ በነፃ ነው የምትነግረኝ። ምን እንደማልበላም ጭምር።"

ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጁ ስሙ ጠፍቶ "ቶኪዮ" ሆኗል። ሻኪሶ ስም ለማውጣት አትቸገርም፤ ወርቅ ሽቶ ከየአገሩ የመጣውን ሁሉ በክርስትና ስሙ ከምታስታውስ በመጣበት ብትጠራው ይቀላታል። ጎንደሬው አለ፣ ወላይታው አለ፣ አሁን ደግሞ ቶኪዮ ተጨመረ። እሱም ተረብ የሚፈራ ልጅ አይደለም፤ ጀበናው ዙሪያ ተቀምጦ የሚወረወርበትን እየቀለበ ጉብኝቱን ከነቅመሙ ተረከልን።

"መጀመሪያ የወሰደችን ፁኪጂ ነው" አለ። "እ.ኤ.አ. በ1935 የተከፈተ የዓሣ ገበያ ነበር። ዋናው የጅምላ ገበያ እ.ኤ.አ. በ2018 ወደ ቶዮሱ ተዛወረ። ዙሪያውን የነበሩት ትንንሽ ሱቆች ግን አንነቃነቅም ብለው እዚያው ቀሩ።"

"ጅምላው ተነስቶ ቸርቻሪው ቀረ?" አሉ ቡና የሚያፈሉት እትዬ።

"አዎ።"

"አይ አገር! እዚህ ቢሆን መጀመሪያ የሚነሳው ቸርቻሪው ነበር። ያውም ዘንቢሉን ሳያነሳ።"

ቶኪዮ ስለ ዓሣው ጨረታ ሲያወራ ነው ወርቅ ገዢው ስልኩን አስቀምጦ ጆሮውን የሰጠው። እ.ኤ.አ. በ2019 አዲስ ዓመት፣ ገበያው ቶዮሱ ከገባ ወዲህ በመጀመሪያው የዘመን መለወጫ ጨረታ፣ የሱሺ ምግብ ቤቶች ባለቤት የሆነው ኪዮሺ ኪሙራ 278 ኪሎ የሚመዝን አንድ ቱና በ333.6 ሚሊዮን የን ገዛ። ወርቅ ገዢው ሒሳቡን ለመምታት አፍታም አልፈጀበት፤ ኪሎው 1.2 ሚሊዮን የን። በዶላር ሲመነዘር ከአሥራ አንድ ሺህ አለፍ ይላል። በዚያ ሰሞን አንድ ኪሎ ወርቅ አርባ አንድ ሺህ ዶላር አካባቢ ነበር።

"እንዴ! ዓሣው የወርቅን ሩብ አውጥቷል!"

"ታዲያ ለምን ለገ ደምቢ ድረስ ሄደን እንቆፍራለን? ባሕር ወርደን አናጠምድም?" አለ ባጃጅ ነጂው።

"ባሕር የለንማ።"

"ወርቁስ አለን?"

ወርቅ ገዢው ይህን አልሰማም ብሎ አለፈው። "ወርቅ እኮ ጥሩነቱ" አለ፣ "ሦስት ቀን ቢያድር አይሸትም።"

"ኮንትሮባንዱ ይሸታል" አሉ እትዬ፣ ሁለተኛውን እየቀዱ።

ከገበያው ወደ ኑድሉ ሲዞር ነገሩ ደመቀ። ቶኪዮ ዓይነቱን ዘረዘረልን፦ ራመን መነሻው ቻይና ነው፣ ጃፓን ገብቶ ግን አገሬው ሆኗል፤ ኡዶን ወፍራም የስንዴ ነው፤ ሶባ ደግሞ ስንዴ ካልሆነ ጠቆር ያለ እህል ይሠራል፤ የዓመቱ መጨረሻ ምሽት ላይ ሶባ መብላት የቆየ ልማድ ነው።

"በአጭሩ ኢንዶሚ በልተህ መጣህ" አለው ባጃጅ ነጂው።

"ኢንዶሚ የኢንዶኔዥያ ነው። ይኼኛው ሾርባው ብቻ የአሳማ አጥንት ሲንተከተክ ውሎ የሚደርስ ነው።"

"አሳማውን ተውና አጥንቱን ልቀበልህ። እኔ ቤትም አጥንት ሲንተከተክ ይውላል። ሥጋው የት እንዳለ አትጠይቀኝ እንጂ።"

ጡረታ የወጡት መምህር እዚህ ላይ ገቡ። በሦስት ደቂቃ የሚደርሰውን ኑድል የፈጠረው ሞሞፉኩ አንዶ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1958 ኢኬዳ በምትባል ከተማ፣ ከቤቱ ጓሮ በሠራት ጎጆ ውስጥ ሲሞክር ከርሞ፣ የተቀቀለውን ኑድል በዘይት ጠብሶ ማድረቅ ላይ ደረሰ። ገበያ ሲወጣ ዋጋው 35 የን ነበር። ያን ጊዜ አንድ ጥቅል ትኩስ ኡዶን በ6 የን ይገዛል።

"ስለዚህ ሲወለድ የሀብታም ምግብ ነበር" አሉ መምህር። "ቀስ እያለ ነው ወደ ድሃው የወረደው።"

"ከጤፍ ጋር መንገድ ላይ ተላልፈዋላ!" አለ ወርቅ ገዢው። "እሱ ሲወርድ፣ እሷ ስትወጣ።"

የአበላሉ ሥርዓት ደግሞ ራሱን የቻለ ጉድ ነው። ኑድል ሲበላ እየመጠጡ ድምፅ ማሰማት ነውር አይደለም፤ ምግቡ መጣፈጡን መመስከር ነው ብላ አስጎብኚዋ አስረድታቸዋለች። ፈረንጆቹ ተሽኮረመሙ። ቶኪዮም እናቱ ድቅን አሉበት፤ በልጅነቱ ወጥ ሲያጣጥም "አንተ! አፍህን ግጠም!" ብለው ማንኪያ ያሳረፉበትን ግንባሩን ዳሰሰ።

"ታዲያ መጠጥክ?"

"መጠጥኩ።"

"ለእናትህ ልንገራት እንዴ?"

"ቪዛ ከተመታልኝ በኋላ ይሁን።"

ሌላም አለ። ኢቺራን በሚባለው ራመን ቤት እያንዳንዱ ተመጋቢ ግራና ቀኙ በጣውላ ተከልሎ ይቀመጣል። ትኬቱን ከማሽን ይቆርጣል፣ ይገባል፣ ፊት ለፊቱ ያለችው መስኮት ትከፈታለች፣ እጅ ሳህን ያስገባል፣ መጋረጃው ይወርዳል። የአስተናጋጁን ፊት አታይም። ምክንያቱን ሲጠይቅ "ጣዕሙ ላይ ብቻ እንድታተኩሩ ነው" ተባለ።

እትዬ ሲኒውን አስቀመጡ። "ልጄ፣ ምሳ ነው የበላኸው ወይስ ንስሐ ነው የገባኸው?"

"ትኩረት ነው፣ እትዬ።"

"እኛም እኮ በትኩረት ነው የምንበላው" አለ ባጃጅ ነጂው። "ለአራት አንድ ትሪ ከከበብን ዓይናችን ከሥጋው ላይ ተነስቶ አያውቅም።"

ብቻውን የበላ ብቻውን ይሞታል እያለ ያደገ ሰው በጣውላ ተከልሎ ሲበላ ምን ተሰማው ብላችሁ ብትጠይቁት፣ ቶኪዮ እውነቱን ይናገራል፦ "ደስ አለኝ። ማንም 'ብላ እንጂ፣ ምነው ተውከው' አላለኝም።" ይህን ሲሰማ ሁሉም ለአፍታ ዝም አለ። እኔ ራሴ፣ የሠርግ ሰሞን ሆዴን ይዤ የማድረውን አስታውሼ፣ ጣውላዋን በልቤ መረቅኳት።

ጉርሻ ደግሞ ጭራሽ አይታሰብም። ከዘንግ ወደ ዘንግ፣ ማለትም አንዱ በቾፕስቲኩ የያዘውን ሌላው በቾፕስቲኩ መቀበል፣ በጣም የተጠላ ነው፤ ሬሳ ከተቃጠለ በኋላ ቤተሰብ አጥንቱን የሚለቅመው በዚያ መንገድ ስለሆነ።

"ታዲያ ሲዋደዱ እንዴት ይተዋወቃሉ?" አሉ እትዬ።

"አንዱ ለሌላው ሒሳብ ይከፍላል።"

"እሱንማ እኛም እንወዳለን። ከፋዩ ነው የጠፋው።"

ቲፕም አይቀበሉም። ጠረጴዛ ላይ ሳንቲም ትተህ ብትወጣ ረስተኸዋል ብለው ይዘውት ከኋላህ ይሮጣሉ።

"እኔም ደንበኛ ዕቃ ሲረሳብኝ እሮጣለሁ" አለ ባጃጅ ነጂው። "አቅጣጫው ነው የሚለየን።"

ከሁሉ የገረመን ግን ቶኪዮ ራሱ ያላየው፣ አስጎብኚዋ የተረከችለት ነው። ወደ ሰሜን፣ ሞሪዮካ በምትባል ከተማ፣ ዋንኮ ሶባ የሚሉት አበላል አለ። በትንሽ ጎድጓዳ ሳህን አንድ ጉርሻ የምታህል ሶባ ይሰጥሃል። ዋጥ ስታደርግ ከጎንህ የቆመችው አስተናጋጅ ሌላ ትገለብጥብሃለች፣ ዋጥ፣ ሌላ፣ ዋጥ፣ ሌላ። "በቃኝ" ብትል የሚሰማህ የለም። የሚያስቆማት አንድ ነገር ነው፦ ፈጠን ብለህ ሳህኑን በክዳኑ መክደን። መቶ ሳህን ያለፈ ሰው ሞልቷል።

"ይህቺ አስተናጋጅ ኢትዮጵያዊት ናት" አሉ መምህር።

"አይደለችም" አሉ እትዬ። "ኢትዮጵያዊት ብትሆን ክዳኑን አስቀድማ ትደብቀው ነበር። ብትከድነውም 'አፈር ስሆን ክፈተው' ትልህ ነበር።"

መምህር ግን ልጁን እንዲህ በቀላሉ የሚለቁት አልሆኑም። "ጃፓንን የጎበኘህ የመጀመሪያው ሐበሻ እንዳይመስልህ" አሉት። "ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1924 ዓ.ም. መልእክተኞች አስከትለው ሄደዋል። የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ነበሩ። ፋብሪካውን፣ ትምህርት ቤቱን፣ ቤተ መንግሥቱን አይተው ሲመለሱ 'ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን' የሚል መጽሐፍ ጻፉ። አንተስ ምን ይዘህ መጣህ?"

"ማግኔት።"

"የምን ማግኔት?"

"ፍሪጅ ላይ የሚለጠፍ።"

"ፍሪጅ አለህ?"

"የለኝም።"

"እና የት ለጠፍከው?"

"በሩ ላይ። ቆርቆሮ ነው፣ ይይዛል።"

መምህር አልበቃቸውም። "አበበ ቢቂላስ? ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. ቶኪዮን 42 ኪሎ ሜትር ከ195 ሜትር ሲያቋርጥ አስጎብኚ ነበረው? ከፊቱ ባንዲራ የያዘ ሰው ነበር?"

"ከፊቱ ማንም አልነበረም" አለ ባጃጅ ነጂው። "ባንዲራውን ከኋላ ሆነው ነው የፈለጉት።"

እስከዚህ ድረስ ሳቁ የኛ፣ ላቡ የቶኪዮ ነበር። ከዚያ በኋላ ግን ልጁ አንድ ነገር ተናገረና ተረቡ አቅጣጫውን ቀየረ።

የጉብኝቱ ማብቂያ ካፌ ነበር። አስጎብኚዋ ከመጋዘን የወጣ የመሰለ ጠባብ ካፌ ወሰደቻቸው፤ ግድግዳው ላይ ሰሌዳ አለ፣ ሰሌዳው ላይ የቡና ዝርዝር በጠመኔ ተጽፏል። ከነዚያ አንዱ "ኢትዮጵያ፣ ጉጂ፣ ሻኪሶ" ይላል። ቶኪዮ ዓይኑን አሸ። አስጎብኚዋ ቀጠለች፦ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ ሁለት ሺህ ሜትር ከፍታ ላይ የበቀለ፣ ከነገለፈቱ በአልጋ ላይ ተሰጥቶ በፀሐይ የደረቀ፣ የአበባ ሽታና የኮክ ጣዕም ያለው። ፈረንጆቹ አፍንጫቸውን ሲኒው ላይ ደፍተው "ኮክ፣ ኮክ" ተባባሉ። አንድ ሲኒ የተሸጠበት ዋጋ እዚህ አንድ ኪሎ እሸት ቡና ከሚሸጥበት እጅግ የራቀ ነበር።

"ይኼ እኮ ከተማዬ ነው አልኳቸው" አለን። "ፎቶ አነሱኝ። ከዚያ አንዱ 'ሻኪሶ ምን ትመስላለች?' ብሎ ጠየቀኝ።"

"ምን አልከው?"

"'ጥሩ ናት' አልኩት።"

ወርቅ ገዢው ራሱን ያዘ። "አሥር ሺህ የን ከፍለህ፣ ባሕር ተሻግረህ፣ ስለ ሻኪሶ የነገረችህ ጃፓናዊት ናት?"

"እሷ ናት።"

"እና አንተ የጨመርክበት 'ጥሩ ናት' ነው?"

"አዎ።"

በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል ይባላል፤ የወርቅ ከተማ ልጆች ግን ይህን ተረት ስንሰማ ለሌላ ሰው የተተረተ ይመስለናል። እኔ ይህቺን የካፌ ነገር ካሰብኩ በኋላ አስጎብኚዋ ላይ መሳቅ አቁሜያለሁ። ምግቡን አልሠራችውም፤ ዓሣውን አላጠመደችም፤ ቡናውን አልለቀመችም። የሸጠችው የሁሉንም ታሪክ ነው፤ ማን ከየት እንዳመጣው፣ በምን እንደተሠራ፣ ለምን እንዲያ እንደሚበላ። እኛ ደግሞ ነገሩ ሁሉ አለን፤ ለመናገር ግን ስንፍና ይዞናል፣ ለተናገርነው ማስከፈል ደግሞ ሐፍረት። እንግዳ ሲመጣ "ብላ" እንላለን እንጂ "ይህ እኮ እንዲህ ነው" አንልም።

ለዚህ ነው ቶኪዮ "እኔም ሻኪሶ ላይ የምግብ ጉብኝት እጀምራለሁ" ሲል የሳቅንበት ሳቅ ከአፍ ያለፈ ያልነበረው። ተረቡማ አልቀረለትም።

"ባንዲራ ይዘህ ገበያ ከገባህ" አሉ እትዬ፣ "ቀረጥ ሰብሳቢ መጣ ብለው ሴቶቹ ገበያውን ለቀው ይሄዳሉ። እንግዶችህ ባዶ መሬት ጎብኝተው ይመለሳሉ።"

"ባንዲራውን እተወዋለሁ።"

"በምን ይከተሉሃል ታዲያ?"

"በምግቡ ሽታ።"

እውነትም ሽታው ይሻላል። ቅቤ ተራ ብትገቡ በኮባ ቅጠል የተጠቀለለ ቅቤ በመደዳ ተቀምጧል። ገዢዋ አትጠይቅም፤ ጥቅሉን ትፈታለች፣ በአውራ ጣቷ ጥፍር ጫፍ ታነሳለች፣ ታሸታለች፣ ምላሷ ላይ ታሳርፋለች፣ ዓይኗን ጨፍና ትቆያለች። ሻጯም ፊቷን ታነባለች። ሙዝ የተቀላቀለበት ከሆነ ዋጋ አይጠየቅም፤ ጥቅሉ ተመልሶ ይቀመጣል፣ አፍም አይከፈትም። ፁኪጂ ላይ ዕቃ አትንኩ ይባላል፤ እዚህ ሳትነኩ ከገዛችሁ የሚሳቀው በእናንተ ነው።

ወተት ተራ ደግሞ አለ። ወተቱ የሚቀመጥበት ዕቃ በእንጨት ጢስ የታጠነ ነው፤ ጢሱ ወተቱን ከመበላሸት ያቆየዋል፣ ለጣዕሙም የራሱን ይጨምርለታል። ወደ ነጌሌ ቦረና ቆላ ሲወረድ የግመሉም ይገኛል፤ የረጋው ኢቲቱ ደግሞ ለብቻው ነው። ፈረንጅ "የተጨሰ" የሚል ነገር ሲያይ ሦስት እጥፍ ይከፍላል፤ እኛ ጢሱን ለማስለቀቅ ዕቃውን በሳሙና ለማጠብ ዳርዳር ስንል ነው የምንገኘው።

ከሁሉ በላይ ግን ቡና ቀላ። ጉጂና ቦረና ቤት ለክብር፣ ለምርቃት፣ ለእንግዳ የሚቀርብ ነው። የደረቀው ቡና ከነገለፈቱ ይወሰዳል፣ ጫፉ በጥርስ ነከስ ይደረጋል፣ ከዚያ በቅቤ ይጠበሳል። ቅቤው ገብቶ ፍሬው ሲንጣጣ ሽታው ከጎረቤት ጎረቤት ያስጠራል። ፍሬው ይታኘካል፣ ቅቤው ራስ ይቀባበታል፣ ወተት ይከተለዋል፣ ሽማግሌ ይመርቃል። ዓለም ቡናን ጠጥቶ ሲጨርስ እዚህ ገና ይበላል። ይህን ቶኪዮ ያለችው አስጎብኚ ብታገኘው ግማሽ ቀን ታወራበት ነበር። ያደገበት ልጅ ግን "ጥሩ ናት" ብሎ አለፈው።

"እና ስንት ልታስከፍል ነው?" ብዬ ጠየቅኩት።

"አምስት መቶ ብር።"

"ጃፓኖቹ አሥር ሺህ ነው የሚሉት" አለ ወርቅ ገዢው።

"የን ነዋ!"

"የንም ይሁን ብር፣ ዜሮ አትፍራ።"

"ሽሮና ፓስታ በእንጀራ ትጨምራለህ?" አለ ባጃጅ ነጂው። "እኛም ኑድላችንን በእጃችን ጠቅልለን እንደምንበላ ይወቁልን።"

"ፓስታ የጣልያን ነው፣ አልጨምርም።"

"ራመንም የቻይና ነው ብለኸን የለ እንዴ? እነሱ ካፀደቁት እኛ ለምን እንኮንነዋለን?"

ለዚህኛው ቶኪዮ መልስ አጣ። ፓስታ በእንጀራ ዝርዝሩ ውስጥ ገባ።

መንገዱ በአዶላ በኩል ነው። እሸት ቡና የሚለቀመው ከጥቅምት እስከ ጥር ባለው ጊዜ ስለሆነ፣ አልጋው ላይ የተሰጣውን ማየት የሚፈልግ ያን ሰሞን ይምጣ። ቁርስ በልታችሁ እንዳትመጡ። ሒሳቡን ለቶኪዮ ሳይሆን በቀጥታ ለእትዬ ክፈሉ፤ የቡና ማኅበራችን ገንዘብ ያዥ እሳቸው ናቸው። ቲፕም ከተዋችሁ፣ ከኋላችሁ ሮጦ የሚመልስላችሁ ሰው የለም።